ከቤት የወጣ ሁሉ ጥሎ ሄደ አይባልም

(በሬዲዮ የተላለፈ የመሠረተ ትምህርት ንግግር)

ደብተርና እርሳሳችሁን አቅርቡ።

የዛሬው ንግግራችን ስለ ሕንድ አገር ነው። እዚያ የሂንዱ ሃይማኖት ተከታይ የሆኑ ባልና ሚስት ሲካሰሱ ፍርድ ቤት ምን ማስረጃ ይጠይቃቸዋል? «የሰው አገር ሕግ ለምናችን?» ትሉ ይሆናል። አንዲት ቁራጭ ወረቀት ክርክርን እንዴት እንደምትለውጥ ስለሚያሳየን ነው። ዓመቶቹን የምጠራው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

የሂንዱ ጋብቻ ሕግ የወጣው በ1955 ነው። በመጀመሪያ፣ ጭካኔ ወይም ጥሎ መሄድ ተለያይቶ ለመኖር ያስፈቅድ ነበር እንጂ ለፍቺ አያበቃም ነበር። በ1976 ሕጉ ተሻሻለና ሁለቱም ለፍቺ የሚያበቁ ምክንያቶች ሆኑ።

ጭካኔ ምንድን ነው? ዱላ ብቻ ነው? አይደለም። አእምሮን ማሠቃየትም ጭካኔ ነው። ለምሳሌ «ከአባትሽ ቤት ገንዘብ አምጪ» እያሉ ሚስትን ማስጨነቅ ጭካኔ መሆኑን የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1988 ፈርዷል። ግን እግርና እግር እንኳ ይጋጫል። የዕለት ጭቅጭቅ ጭካኔ አይባልም።

የማስረዳት ሸክም የከሳሹ ነው። ተከሳሹ ባይቀርብም እንኳ ዳኛው ማስረጃውን ሳያምንበት አይፈርድም። ታዲያ ማስረጃው ምን ያህል ይጠንክር? ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1975 መልስ ሰጠ። እንደ ነፍስ ግድያ ክስ ጥርጣሬ ሁሉ እስኪጠፋ አይጠበቅም። ዳኛው የሁለቱን ወገን ማስረጃ በሚዛን ያያል፤ ይበልጥ እውነት የሚመስለው ይረታል።

በሩ ተዘግቶ የተፈጸመውን ጎረቤት ላያይ ይችላል። ስለዚህ የተበዳዩ የራሱ ቃልም ማስረጃ ነው። ደብዳቤ፣ የሐኪም ወረቀት፣ ጩኸት የሰማ ጎረቤት ሲጨመርበት ደግሞ ይጠነክራል። አንድ ነገር ግን አለ፦ በደሉን ይቅር ብሎ አብሮ መኖር የቀጠለ ሰው በዚያው በደል ፍቺ አያገኝም። በደሉ ከተደገመ ግን የቀድሞውም አብሮ ይነሣል።

አሁን ወደ ሁለተኛው እንሂድ። ጥሎ ሄደ የሚባለው ማን ነው? አራት ነገሮችን ጻፉ፦

1ኛ. ተለይቶ መሄዱ፤
2ኛ. ላለመመለስ መቁረጡ፤
3ኛ. ያለ በቂ ምክንያትና ያለ ትዳር ጓደኛው ፈቃድ መሄዱ፤
4ኛ. ክሱ ከመቅረቡ በፊት ሁለት ዓመት ሳያቋርጥ መቆየቱ።

እስቲ እናስብ። ባል ሚስቱን ደብድቦ በሌሊት አባረራት እንበል። ጥላ ሄደች ይባላል? አይባልም! እሷ ከደጅ፣ እሱ ከቤት ቢሆኑም፣ በሕጉ ዓይን ትዳሩን ጥሎ የሄደው ባልየው ነው።

አንድ እውነተኛ ታሪክ ልንገራችሁ። በ1947 አንዲት ሚስት፣ ዛሬ ሙምባይ ከምትባለው ከቦምቤይ ወደ ወላጆቿ ቤት ሄደች። በኋላም ባሏ «ጥላኝ ሄደች» ብሎ ከሰሳት። በዚያን ጊዜ በነበረው የቦምቤይ ሕግ ጊዜው አራት ዓመት ነበር። ባልየው ግን አንድ ነገር አድርጎ ኖሯል። ልትመለስ ስትል፣ እንዳይልኳት ብሎ ለአባቷ ቴሌግራም መትቷል። ክርክሩ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። በ1956 ፍርድ ቤቱ፣ ጥላው መሄዷ አልተረጋገጠም ብሎ ፈረደ። «አትምጪ» ያለ ሰው «አልመጣችም» ብሎ እንዴት ይከሳል?

አያችሁ? ያቺ ቴሌግራም ብትጠፋ ኖሮ ነገሩ ቃል ለቃል ብቻ በሆነ ነበር። «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» የሚባለው ለዚህ ነው። እንግዲህ ወረቀት ሲደርሳችሁ ራሳችሁ አንብቡት። ቀኑን አይታችሁ አስቀምጡት። ያላነበባችሁት ላይ አትፈርሙ።

ለሚቀጥለው ጊዜ እነዚህን ሦስት ቃላት አምስት አምስት ጊዜ ጻፉ፦ ማስረጃ፣ ምስክር፣ ፍርድ።

ደህና ሁኑ።