የጀርባ ብጉር፦ አጥብቆ መፈተግ ለምን አይፈውሰውም?

ጎንደር፦ ከጎንደር ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው ጎዳና ከአዘዞ ቀጥላ በምትገኘው ፀዳ እና በዙሪያዋ ባሉ የገጠር ቀበሌዎች ጀርባ ሥራ የማይፈታ የአካል ክፍል ነው። ውኃ የሞላ ጀሪካን፣ የማገዶ እንጨት፣ የእህል ጆንያ እና በአንቀልባ የታዘለ ሕጻን የሚያርፈው በእርሱ ላይ ነው። ተማሪውም ቢኾን ደብተሩን የሚሸከመው በጀርባው ነው። ይኹን እንጂ ጀርባ የባለቤቱ ዐይን የማያየው፣ እጅም በቀላሉ የማይደርስበት በመኾኑ በላዩ የሚወጣው ብጉር ቶሎ ትኩረት አያገኝም። ትኩረት ሲያገኝ ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚታሰበው መፍትሔ በቃጫ፣ በሻካራ ድንጋይ ወይም በጨው አጥብቆ መፈተግ ነው።

ይህ ልማድ ችግሩን ከማቃለል ይልቅ ያባብሰዋል። ለምን እንደኾነ ለመረዳት ብጉር ከየት እንደሚነሳ ማወቅ ያስፈልጋል።

የሰው ቆዳ በጥቃቅን የጸጉር መውጫ ቀዳዳዎች የተሞላ ነው። በቀዳዳዎቹ ውስጥ ወዝ የሚያመነጩ ዕጢዎች አሉ። ወዙ ቆዳ እንዳይደርቅ እና እንዳይሰነጠቅ የሚጠብቅ ጠቃሚ ነገር ነው። ዕጢዎቹ በብዛት የሚገኙት በፊት፣ በደረት እና በላይኛው የጀርባ ክፍል ላይ ነው። ወጣቶች ለአቅመ አዳም እና ለአቅመ ሔዋን ሲደርሱ ሰውነታቸው የሚያመነጨው ሆርሞን ዕጢዎቹን ስለሚያነቃቃ ወዙ ይበዛል። በዚሁ ጊዜ ከቀዳዳው ግድግዳ የሚረግፉ የሞቱ የቆዳ ሕዋሳት ከወዙ ጋር ተጣብቀው የቀዳዳውን አፍ ይደፍናሉ። በተደፈነው ቀዳዳ ውስጥም በጤነኛ ሰው ቆዳ ላይ ዘወትር የሚኖር ባክቴሪያ ይራባል። ሰውነት ይህን ለመከላከል ሲነሳ ቦታው ያብጣል፣ ያማል፣ መግልም ይቋጥራል።

ከ12 እስከ 24 ዓመት የዕድሜ ክልል ውስጥ ከሚገኙ ሰዎች 85 በመቶ የሚኾኑት በተወሰነ ደረጃ ብጉር እንደሚወጣባቸው ይገመታል። ስለዚህ ብጉር የንጽሕና ጉድለት ምልክት አይደለም። በብጉሩ አናት ላይ የሚታየው ጥቁር ነጥብም ቆሻሻ ሳይኾን በቀዳዳው ውስጥ የታጨቀው ነገር ለአየር ተጋልጦ የጠቆረ ነው። ልጁን "አልታጠብክም" ብሎ መገሰጽ ልጁን ከማሳፈር ያለፈ ውጤት የለውም።

ከዚህ እንደምንረዳው ችግሩ ያለው ከቆዳው ሥር፣ በቀዳዳው ውስጥ ነው። ቃጫ እና ድንጋይ የሚደርሱት ግን የላይኛውን ሽፋን ብቻ ነው። ያበጠ ብጉር በኀይል ሲፈተግ የቀዳዳው ግድግዳ ይቀደዳል፤ በውስጡ ያለው ወዝ እና መግልም ወደ ጥልቁ የቆዳ ክፍል ይፈስሳል። ሦስት ቀን የሚቆየው ብጉር ሦስት ሳምንት የሚያም እብጠት ሊኾን ይችላል። ጠይም እና ጥቁር ቆዳ ደግሞ ለቁስለት የሚሰጠው ምላሽ የራሱ ጠባይ አለው፤ ቆዳው ሲቆጣ ቀለም የሚሰጠውን ንጥረ ነገር አብዝቶ ስለሚያመርት ብጉሩ ከጠፋ በኋላ ጥቁር ምልክት ለወራት ይቀራል። በአንዳንድ ሰዎች ላይም ቁስሉ ከነበረበት ቦታ አልፎ እየሰፋ የሚሄድ፣ ጠንካራ እና ያበጠ ጠባሳ ይወጣል። ሐኪሞች ኬሎይድ የሚሉት ይህን ነው። ኬሎይድ በጀርባ፣ በደረት እና በትከሻ ላይ ይበረታል፤ ለማከምም አስቸጋሪ ነው። በቤተሰቡ እንዲህ ያለ ጠባሳ ያለበት ሰው ብጉሩን ከማፍረጥ እና ከመፈተግ ይበልጥ መጠንቀቅ ይኖርበታል።

በአርሶ አደሩ እና በቀን ሠራተኛው ዘንድ ደግሞ ሌላ መንስኤ ይጨመራል። ቆዳ በሸክም ሲጫን፣ በላብ ሲርስ እና በማንገቻ ሲታሸት ቀዳዳዎቹ ይቆጣሉ። በዚህ ምክንያት የሚመጣው ብጉር ቅርጹ ራሱ ይናገራል። የጀሪካን ገመድ፣ የአንቀልባ ማሰሪያ ወይም የቦርሳ ማንገቻ ባረፈበት መሥመር ተከትሎ ይወጣል። ከደጋው ወደ መተማ እና ሑመራ ለሰሊጥ አጨዳ የሚወርዱ ወጣቶች ለዚህ የተጋለጡ ናቸው። ሙቀቱ፣ ላቡ፣ አቧራው እና ለቀናት ሳይቀየር የሚለበሰው የናይለን ሸሚዝ አንድ ላይ ይደመራሉ። በክረምት ከዝናብ ለመጠለል ጀርባ ላይ የሚጣለው ላስቲክም ላብን አፍኖ ይይዛል። በዚህ ረገድ የአባቶች ገሳ አየር የሚያስገባ በመኾኑ ሳይሻል አይቀርም።

ሸክም ይቅር ማለት አይቻልም፤ ኑሮ ነው። ነገር ግን በሸክሙ እና በቆዳው መካከል የታጠፈ ንጹሕ የጥጥ ጨርቅ ማድረግ፣ የሚቻል ከኾነ ሸክሙን ከትከሻ ወደ ትከሻ ማፈራረቅ፣ ከሥራ በኋላም ላብ የጠጣውን ልብስ ሳይውሉ ሳያድሩ መቀየር ይቻላል። ውኃ በፈረቃ በሚደርስባቸው የጎንደር ከተማ ሰፈሮች ለሚኖሩ ሙሉ ገላ መታጠብ በየቀኑ ላይሳካ ይችላል። አንድ ጆግ ለብ ያለ ውኃ እና ለስላሳ ጨርቅ ካለ ጀርባን ከላብ ለማጽዳት ይበቃል።

ቅቤም ሊነሳ የሚገባው ጉዳይ ነው። ጸጉርን ቅቤ መቀባት በአካባቢያችን የቆየ ውበት እና ወግ ነው፤ ለጸጉሩም ልስላሴ ይሰጣል። ይኹን እንጂ ቅቤው ሲቀልጥ በግንባር፣ በማጅራት እና በላይኛው ጀርባ ላይ ይወርዳል። ብጉር ለሚያስቸግረው ቆዳ እንዲህ ያለ ከባድ ቅባት ቀዳዳን የሚደፍን ተጨማሪ ጫና ነው። ወፍራም የጸጉር ቅባቶችም ከዚህ የተለዩ አይደሉም። ቅቤ የተቀባ ሰው ጸጉሩን በሻሽ ቢሸፍን፣ ሲታጠብም አስቀድሞ ጸጉሩን ታጥቦ ጀርባውን በመጨረሻ ቢያጸዳ ከጸጉር የወረደው ቅባት በቆዳው ላይ አይቀርም። ትራስ እና አንሶላውንም ቶሎ ቶሎ ማጠብ ይገባል።

ለመኾኑ የሞተውን የቆዳ ሽፋን ማንሳት ጨርሶ አያስፈልግም ማለት ነው? አይደለም። ቆዳ ራሱን የሚያድስ አካል ነው። አዲስ ሕዋስ ከታች ተፈጥሮ ላይኛው ሽፋን ደርሶ እስኪረግፍ በአማካይ አራት ሳምንት ገደማ ይወስዳል። ይህን መርገፍ በለስላሳ መንገድ ማገዝ ይቻላል። ያበጠ እና መግል የቋጠረ ብጉር በሌለበት ጊዜ በሳምንት አንድ ወይም ሁለት ቀን፣ ለብ ባለ ውኃ በራሰ ለስላሳ ጨርቅ ጀርባን በቀስታ ማሸት በቂ ነው። እጅ ለማይደርስበት ቦታ ረዘም ያለ የጥጥ ጨርቅ በሁለት እጅ ጫፍ እና ጫፉን ይዞ ከወገብ እስከ ትከሻ ማንሸራተት ይቻላል። ጨርቁ የግል መኾን አለበት፤ ታጥቦም በፀሐይ መድረቅ ይኖርበታል። ቆዳው ካቃጠለ ወይም ከቀላ ማቆም ነው። ያበጠ ብጉር ካለ ግን ማሸቱ ይቅር፤ በእጅ መዳፍ ብቻ መታጠብ ይሻላል።

ከስልክ ላይ ታይተው የሚሞከሩት የቡና አተላ፣ ስኳር እና ሎሚ ለጀርባ ብጉር አይመከሩም። የሎሚ ጭማቂ የተቀባ ቆዳ ፀሐይ ሲያገኘው ሊቃጠል እና ሊጠቁር ይችላል። የልብስ ሳሙና እና በረኪና ደግሞ ለልብስ እንጂ ለገላ አልተሠሩም። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2 ሺህ ሜትር በላይ ከፍታ ላይ የምትገኝ በመኾኗ በተለይ ከጥቅምት እስከ ጥር አየሩ ቀዝቃዛ እና ደረቅ ነው። በዚህ ወቅት በጠንካራ ሳሙና የተፈተገ ቆዳ በቀላሉ ይሰነጠቃል። ሽታ የሌለው ለስላሳ የገላ ሳሙና መጠቀም፣ ከታጠቡ በኋላም ቀለል ያለ ቅባት በስሱ መቀባት ተመራጭ ነው።

ከመድኃኒቶች መካከል የሞተውን ሕዋስ ያለ ፍትጊያ የሚያላቅቀው ሳሊሲሊክ አሲድ ነው። ለብጉር የሚውለው ከ0 ነጥብ 5 እስከ 2 በመቶ የኾነው ነው። እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በመድኃኒት ቤቶች የሚገኘው የዊትፊልድ ቅባትም 3 በመቶ ሳሊሲሊክ አሲድ አለው፤ ነገር ግን ከ6 በመቶ ቤንዞይክ አሲድ ጋር ተዋሕዶ ለፈንገስ የተዘጋጀ ወፍራም ቅባት ነው፤ የብጉር መድኃኒት አይደለም።

ሁለተኛው ባክቴሪያውን የሚያጠፋው ቤንዞይል ፐርኦክሳይድ ነው። 2 ነጥብ 5 ወይም 5 በመቶ የኾነው ከ10 በመቶው ባልተናነሰ ይሠራል፤ ቆዳንም ያነሰ ያስቆጣል። መታጠቢያ ኾኖ የተዘጋጀውን በጀርባ ላይ ቀብቶ ከ2 እስከ 5 ደቂቃ ቆይቶ በደንብ ማለቅለቅ ይመከራል። ይህ መድኃኒት የልብስ ቀለም ያነጣል። ነጩ ጋቢ ምንም አይኾንም፤ ጥለቱ ግን ቀለሙን ሊለቅ ይችላል። ማንኛውንም አዲስ መድኃኒት በጀርባ ሙሉ ከመቀባት በፊት በክንድ ውስጠኛ ክፍል ላይ በትንሹ ለጥቂት ቀናት መሞከር ብልህነት ነው። ለውጡ የሚታየው ከ6 እስከ 12 ሳምንት ባለው ጊዜ ነው። በሁለተኛው ሳምንት ተስፋ ቆርጠው መድኃኒት የሚቀያይሩ ሰዎች ገንዘባቸውን ያባክናሉ፤ ቆዳቸውንም ያስቆጣሉ።

ከሁሉ በላይ አሳሳቢው ጉዳይ ያለ ሐኪም ትዕዛዝ እየተገዙ የሚቀቡት የስቴሮይድ ቅባቶች ናቸው። ቤታሜታዞን እና ክሎቤታሶል የተሰኙት መድኃኒቶች ሐኪም ሲያዝዛቸው ለተለያዩ የቆዳ ሕመሞች ይጠቅማሉ። ለብጉር ግን ጠላት ናቸው። በመጀመሪያዎቹ ቀናት እብጠቱን ስለሚያጠፉ ሰውን ያታልላሉ። ከሳምንታት በኋላ ቆዳው ይሳሳል፣ የቆዳ መሸንተር ይታያል፣ ብጉሩም በዝቶ ይመለሳል። ሲቆሙ ስለሚያገረሽ ሰውየው ደግሞ ይቀባል፤ እንዲህ እያለ ከማይወጣበት አዙሪት ውስጥ ይገባል። ቆዳን ለማቅላት የሚሸጡ አንዳንድ ቅባቶችም ይህንኑ መድኃኒት ይይዛሉ። ለመወፈር ተብሎ የሚዋጠው ዴክሳሜታዞን ደግሞ በደረት እና በጀርባ ላይ ድንገት፣ አንድ ዐይነት መጠን ያላቸው በርካታ ብጉሮች እንዲወጡ ያደርጋል። በውስጥ አካል ላይ የሚያደርሰው ጉዳትም ከብጉሩ እጅግ የከፋ ነው። ለወራት ሲወስደው የቆየ ሰው በራሱ ፈቃድ በአንድ ጊዜ ማቋረጥ የለበትም፤ አደገኛ ስለኾነ አወሳሰዱን ሐኪም ቀስ በቀስ ሊቀንስለት ይገባል።

የሳንባ ነቀርሳ መድኃኒት በመውሰድ ላይ ያሉ እና በመርፌ የሚሰጥ የእርግዝና መከላከያ የሚጠቀሙ ሰዎችም አልፎ አልፎ ብጉር ሊበዛባቸው ይችላል። መድኃኒቱን ማቋረጥ ግን አይገባም። ጉዳዩን ለጤና ባለሙያ መናገር ነው።

በጀርባ ላይ የወጣ ሁሉ ብጉር ነው ማለትም አይደለም። ሌሊት ሌሊት አጥብቆ የሚያሳክክ እና ሌላውን ቤተሰብም የያዘ ከኾነ እከክ ሊኾን ይችላል። በ2008 ዓ.ም በድርቁ ወቅት በአማራ ክልል በበርካታ ወረዳዎች ተስፋፍቶ የነበረው ይኸው በሽታ ነው፤ መዳኛውም ቤተሰቡ በሙሉ አብሮ ሲታከም ነው። ነጣ ወይም ጠቆር ብሎ በስሱ የሚቀረፍ ዝንጉርጉር ምልክት ቋቁቻ ነው። ትናንሽ፣ እኩል መጠን ያላቸው እና የሚያሳክኩ ሽፍቶች በፈንገስ የመጡ ሊኾኑ ስለሚችሉ ለባክቴሪያ የሚሰጥ መድኃኒት አያድናቸውም። ለሳምንታት የማይድን ቁስል፣ በተለይ ቁንጭር በሚታይባቸው የደጋ አካባቢዎች፣ መመርመር አለበት። ነጣ ያለ እና ሲነካ ስሜት የሌለው የቆዳ ምልክት ደግሞ የሥጋ ደዌ መነሻ ሊኾን ስለሚችል ጊዜ ሊሰጠው አይገባም፤ በጊዜ ከታከመ አካል ሳያጎድል ይድናል።

ትልልቅ እና የሚያም እብጠት ያለበት፣ ጠባሳ መተው የጀመረ፣ ወይም በሦስት ወር እንክብካቤ ለውጥ ያላሳየ ብጉር የሐኪም ጉዳይ ነው። የገጠር ነዋሪዎች በጤና ኬላ ያሉ የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዎችን አማክረው ወደ ጤና ጣቢያ መሄድ ይችላሉ። ከዚያ ያለፈው ወደ ጎንደር ዩኒቨርሲቲ አጠቃላይ ስፔሻላይዝድ ሆስፒታል ይላካል። የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ኾኖ በ1947 ዓ.ም የተመሠረተው ይህ ተቋም የቆዳ ሕክምናም ይሰጣል።

ሐኪሙ ዶክሲሳይክሊን ካዘዘ መድኃኒቱ ቆዳን ለፀሐይ ስለሚያጋልጥ በማሳ የሚውል ሰው ሰውነቱን ሸፍኖ መሥራት አለበት። ነፍሰ ጡር እናቶች እና ከ8 ዓመት በታች ያሉ ልጆች አይወስዱትም። ለከባድ ብጉር የሚሰጠው አይሶትሬቲኖይን በጽንስ ላይ ከባድ ጉዳት ስለሚያደርስ ያለ ሐኪም የቅርብ ክትትል ፈጽሞ አይወሰድም፤ ከሰው ተቀብሎ መዋጥም አይገባም። ለምርመራ የሚሄድ ሰው እስከዚያ ቀን ሲቀባ እና ሲውጥ የነበረውን ሁሉ፣ ባዶ ቱቦም ቢኾን፣ ይዞ ይሂድ፤ ሐኪሙ ስሙን አንብቦ ብጉሩ ከተፈጥሮ የመጣ ይኹን ከቅባቱ ለመለየት ይረዳዋል።