እጃችሁን ከመውቀሳችሁ በፊት ገመዱን እዩት

በርና መስኮት የሚሠሩ ልጆች አሁን አሁን ዓይናቸውን ትንሿ የሚግ ብየዳ ማሽን ላይ ጥለዋል። ደስ ትላለቻ! እንደ ድሮው ኤሌክትሮድ መቀያየር የለም፤ ሽቦው ራሱ ከጥቅሉ እየተተረተረ ይመጣል። ከለመዷት ደግሞ ለቀጭን ላሜራ ትመቻለች።

አንዳንዷ በ110ም በ220ም ቮልት ትሠራለች። አሜሪካ ያለ ዘመድ ሊልክላችሁ ካሰበ ይቺን ይምረጥ። 110 ብቻ የምትለውን የእኛ 220 ያቃጥላታል፤ የስፒናውን ቅርጽ የሚቀይር አዳፕተር ቮልቴጁን አይቀይርም። ስንት አምፒር እንደምትስብም ጀርባዋ ላይ አንብቡ። ከ16 አምፒር በላይ ከሆነ የቤቱ ተራ ሶኬት አይችላትም፤ የራሷ መስመርና ብሬከር ያስፈልጋታል። በቀጭን ማራዘሚያ መሥራትማ እሳት መጥራት ነው።

አሁን ወደ ዋናው። ሽቦው ሁለት ዓይነት ነው፦ ጋዝ የሚፈልግ ድፍን ሽቦ፣ እና ውስጡ ዱቄት ያለው፣ ያለ ጋዝ የሚሠራ። ብዙ ሰው ጋዝ ውድ ነው ብሎ ሁለተኛውን ይገዛና ማሽኗን እንደነበረች ይተዋታል። ከዚያ ፍንጣሪው ይበዛል፤ ብየዳው ከላይ ተቆልሎ ይቀራል እንጂ ብረቱ ውስጥ አይገባም። «እጄ ገና አልለመደም» ይባላል። እጅ አይደለም!

በጋዝ ስትሠሩ ሽቦው የሚወጣበት እጀታ ፖዘቲቭ ላይ፣ ብረቱን የሚቆነጥጠው ገመድ ኔጌቲቭ ላይ ይሰካል። ያለ ጋዝ በሚሠራው ሽቦ ግን አብዛኛውን ጊዜ ይገለበጣል፤ የሽቦው ማሸጊያ ላይ ተጽፏል። ስትቀይሩ ስፒናው ይነቀል። መቆንጠጫው የሚያርፍበት ቦታም ቀለምና ዝገቱ ይፋቅ።

ካርቶኑ ላይ «140 አምፒር፣ 20 ፐርሰንት» የሚል ካያችሁ፣ በዚያ ጉልበት ከ10 ደቂቃ 2ቱን በይዳችሁ 8ቱን አሳርፏት ማለት ነው።

ዓይንስ? «አንዴ ብቻ ነው» ብሎ ያለ ጭምብል የበየደ፣ ማታ ዓይኑ ውስጥ አሸዋ የተበተነ ይመስለዋል። ጥቁረቱ 10 እና ከዚያ በላይ የሆነ መስታወት አድርጉ። ዚንክ የተቀባ ብረት ከሆነ ዚንኩን ፍቃችሁ፣ ነፋስ በሚገባበት ቦታ ሥሩ። ወተት መጠጣት ከጭሱ አያድንም።

የደንበኛ በር ከመንካታችሁ በፊት ደግሞ ቁራጭ ላይ በይዳችሁ በመዶሻ አጥፉት። የሚለቅ ከሆነ እዚያው ይልቀቅ፤ በሩ ተሰቅሎ ልጅ ሲንጠለጠልበት አይደለም።