ዜማ ከበግ በረት፤ የአንዲት ራዲዮ ጣቢያ ታሪክ

ራዲዮ ስንከፍት ዜማው ከየት ተነሥቶ፣ በየትኛው ተራራ ላይ አልፎ ወደ ቤታችን እንደሚገባ ብዙ ጊዜ አናስብም። ቁልፉን እናዞራለን፤ ይዘምርልናል፤ ሲሰለቸን እንዘጋዋለን። ነገር ግን ከእያንዳንዱ ጣቢያ በስተኋላ ሰው አለ፤ ድካም አለ፤ አንዳንድ ጊዜም እንደምናየው እሳት አለ።

ዛሬ የምናነሣው በደቡብ አሜሪካ፣ በኢኳዶር አገር፣ በኪቶ ከተማ የተቋቋመችውን የክርስቲያን ራዲዮ ጣቢያ ታሪክ ነው። የመጥሪያ ፊደሎችዋ ኤች ሲ ጄ ቢ ሲሆኑ፣ በስፓኝ ቋንቋ «ላ ቮስ ዴ ሎስ አንዴስ» ትባል ነበር፤ ትርጓሜውም «የአንዴስ ተራሮች ድምፅ» ማለት ነው። በዚህ ታሪክ የሚጠቀሱት ዓመታት፣ ዓመተ ምሕረት ካልተባሉ በቀር፣ በአውሮጳ አቆጣጠር ናቸው።

ጣቢያዋን ያቋቋሙት ሚስተር ክላረንስ ጆንስ በ1900 የተወለዱ አሜሪካዊ ሙዚቀኛ ነበሩ። የሚነፉት ትሮምቦን የተባለውን፣ ክንዱ ወደ ፊትና ወደ ኋላ የሚሳበውን መለከት ነው። በወጣትነታቸው በቺካጎ ከታወቁት ሰባኪ ከፖል ሬደር ጋር ሆነው የሙዚቃና የራዲዮ አገልግሎት ይሰጡ ነበር። ስብከት ለመስማት የማይቆም መንገደኛ ጥሩ ዜማ ሲሰማ ቆም ይላልና፣ ለራዲዮ ሥራ ሙዚቀኛ መሆናቸው በጀ እንጂ አልጎዳቸውም።

በ1928 ለጣቢያ የሚሆን ቦታ ፍለጋ ወደ ላቲን አሜሪካ ተጓዙ። ቬኔዙዌላን፣ ኮሎምቢያን፣ ፓናማንና ኩባን አዳረሱ፤ ፈቃድ የሚሰጥ ግን አላገኙም። ባዶ እጃቸውን ተመልሰው ሳለ በኢኳዶር ይሠሩ የነበሩት ሚስዮናዊ ሚስተር ሩበን ላርሰን ያሉበትን አገር እንዲሞክሩ አሳሰቧቸው። ሚስተር ላርሰንና ባልደረቦቻቸው በከተማው ደጅ ጠንተው በ1930 ከኢኳዶር መንግሥት የ25 ዓመት ውል አገኙ።

ፈቃዱ ሲገኝ ደግሞ ሌላ ችግር መጣ። የራዲዮ ዐዋቂዎች ነን የሚሉ ሰዎች፣ ምድር ወገብ ላይ፣ ያውም በተራሮች መካከል፣ የራዲዮ ማሠራጫ መትከል ከንቱ ልፋት ነው እያሉ መከሩ። በዚያ ላይ በአገሩ የነበሩት መቀበያ ራዲዮኖች በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ። ሰሚ በሌለበት ማን ይናገራል? ጊዜውም የዓለም ንግድ የወደቀበት፣ ገንዘብ ከየትም የማይገኝበት ክፉ ዘመን ነበር።

ይህ ሁሉ ሆኖ በፈረንጆች የልደት በዓል፣ በዲሴምበር 25 ቀን 1931፣ የመጀመሪያው ስርጭት ተሰማ። የመሣሪያው ኃይል 250 ዋት ብቻ ነበር፤ ባለ 60 ዋት አምፑል አራት ቢበራ ከሚፈጀው ኤሌክትሪክ ብዙም አይበልጥም። ማሠራጫው የቆመው በበግ በረት ውስጥ ነው። ስቱዲዮው የመኖሪያ ቤት ሳሎን ሲሆን፣ የአንቴናው ሽቦ የተወጠረው በባሕር ዛፍ ምሰሶዎች ላይ ነበር። የአዲስ አበባ ሰው በዚያ ቢያልፍ ኖሮ ምሰሶዎቹ እንኳ እንግዳ አይሆኑበትም ነበር።

ጣቢያዋ ቀስ በቀስ አደገች። በስፓኝና በእንግሊዝኛ ብቻ ሳትወሰን፣ የተራራው ነባር ሕዝብ በሚናገረው በኪቹዋ ቋንቋም ማሰማት ጀመረች። በ1940 ባለ 10,000 ዋት ማሠራጫ ተተከለ፤ ይኸውም ከመጀመሪያው 40 እጥፍ መሆኑ ነው። ድምፁ ከኢኳዶር አልፎ ውቅያኖስ ሊሻገር ሆነ።

እሳቱ የመጣው ይኼን ጊዜ ነው።

ኪቶ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,800 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ ያለች ከተማ ናት፤ ከአዲስ አበባም ትበልጣለች። በደጋ አገር አየሩ ስስ ነው። ባቄላ ቶሎ የማይበስለው፣ ሯጭም ቶሎ የሚያለከልከው ስለዚህ ነው። ስስ አየር ደግሞ ኤሌክትሪክን አግዶ ለመያዝ አቅም ያንሰዋል። አንቴናው ከረጃጅም የብረት ዘንጎች የተሠራ ስለ ነበረ፣ የኤሌክትሪኩ ግፊት የሚበረታው በዘንጎቹ ጫፍ ላይ ነው። ስለዚህ በሌሊት ከየጫፉ የእሳት ነበልባል እየተንጣጣ ይወጣ ጀመር። ዘንጉ ይግላል፤ የቀለጠ ብረት ወደ መሬት ይንጠባጠባል። ከሁሉ የሚያስደንቀው፣ ስቱዲዮ ውስጥ የሚነገረው ቃልና የሚዘመረው መዝሙር ከዚያ ነበልባል ውስጥ በጆሮ ይሰማ ነበር! ለተመልካች ትርኢት ይሁን እንጂ ለጣቢያዋ ጥፋት ነበር። ብዙ ተለምኖ የተገዛው ኃይል የገዛ አንቴናውን እየበላ ነበርና።

መሐንዲሱ ሚስተር ክላረንስ ሙር በዘንጎቹ ጫፍ ላይ የብረት እንክብሎች ቢገጥሙ ጥቂት ቀነሰ እንጂ አልዳነም። በ1942 ከቤተ ሰባቸው ጋር ለዕረፍት ፖሶርሐ ወደምትባል የባሕር ዳር የዓሣ አጥማጆች መንደር ሲወርዱ፣ የአንቴና መጻሕፍታቸውን ተሸክመው ወረዱ። ሌሎች ሲዋኙ እርሳቸው ሲያሰላስሉና ሲጸልዩ ከረሙ። በመጨረሻም የደረሱበት አሳብ ከቀላልነቱ የተነሣ ያስቃል፤ እሳቱ የሚወጣው ከጫፍ ከሆነ፣ ጫፍ የሌለው አንቴና ለምን አንሠራም?

ተመልሰው ሽቦውን ዙሪያውን ገጥመው በአራት ማዕዘን ሠሩት። የአራቱ ጎን ርዝመት ሲደመር ከራዲዮው አንድ ሞገድ ርዝመት ጋር ይስተካከላል። የሽቦው መጀመሪያና መጨረሻ አንድ ላይ ስለሚገናኙ የሚነድ ጫፍ የለውም። ተሰቀለ፤ ኃይሉ ተለቀቀ፤ ነበልባሉ ጠፋ። ሚስተር ሙር ለዚህ ፈጠራ በ1951 በአሜሪካ አገር የባለቤትነት መብት ተቀበሉ። ይህ አንቴና እስከ ዛሬ ድረስ በየአገሩ ያሉ የራዲዮ አማተሮች በየጣራቸው የሚሰቅሉት ነው።

ከዚያ በኋላ ጣቢያዋ በኪቶ አቅራቢያ በፒፎ ሰፊ የማሠራጫ ሜዳ አበጀች፤ በ1981ም ባለ 500,000 ዋት ማሠራጫ ተከለች። በበረት ከተጀመረው 2,000 እጥፍ ነው። ሆኖም ሁሉ ጊዜ አለው። ለኪቶ አዲስ የአውሮፕላን ማረፊያ በዚያው አካባቢ ሲሠራ ረጃጅሞቹ ምሰሶዎች ለበረራ አደጋ ሆኑ፤ የፒፎ የአጭር ሞገድ ስርጭትም በ2009 ተቋረጠ፤ ምሰሶዎቹም ወረዱ።

በእኛም አገር ከደጋ የሚነሣ የወንጌል ድምፅ ነበረ። የሉተራን ዓለም ፌዴሬሽን በአዲስ አበባ ያቋቋመው የብስራተ ወንጌል ራዲዮ ጣቢያ በየካቲት 1955 ዓ.ም. ተመርቆ፣ በመጋቢት 1969 ዓ.ም. በደርግ መንግሥት እስኪወረስ ድረስ በልዩ ልዩ ቋንቋ ወደ አፍሪካና ወደ እስያ ይሰማ ነበር። አንዱን አውሮፕላን ማረፊያ፣ ሌላውን አብዮት ዘጋው። ራዲዮ በሞገድ ድንበር ይሻገር እንጂ ምሰሶው የሚቆመው በሰው አገር መሬት ላይ፣ በሰው ፈቃድ ነው።

አንባቢ ሆይ! ከዚህ ታሪክ አንድ ነገር ልብ ይሏል። 250 ዋት ሳለች ያልደረሰባት መከራ 10,000 ዋት ስትሆን ደረሰባት። ኃይል ሲጨምር ጫፉ ይነዳል። ያን ጊዜ ብልኅ ሰው ኃይሉን አይቀንስም፤ ጫፍና ጫፉን ያገናኛል።