ኤሌክትሪክ የማይሻው ማቀዝቀዣ

በሰሜን ናይጄሪያ ገጠር የተለቀመ ቲማቲም ከሙቀቱ የተነሳ በጥቂት ቀናት ውስጥ ይበሰብሳል። ገዢው ይህን ስለሚያውቅ ዋጋ ይሰብራል፤ ገበሬውም ከሚጣል ብሎ በርካሽ ይሸጣል። ሴት ልጆች ምርቱ ሳይበላሽ በየቀኑ እየዞሩ ስለሚቸረችሩ ከትምህርት ይቀራሉ። ፍሪጅ እንዳይገዛ አቅም የለም፤ ቢገዛም መብራት የለም።

ከሸክላ ሠሪዎች ቤተሰብ የተወለዱት መምህር ሞሐመድ ባህ አባ በ1990ዎቹ አጋማሽ እ.ኤ.አ. ለዚህ ችግር ያቀረቡት መፍትሔ ሁለት ሸክላ፣ አሸዋና ውሃ ነው። ትንሹ ሸክላ ትልቁ ውስጥ ይቀመጣል፤ በመካከላቸው ያለው ክፍተት በአሸዋ ይሞላል፤ አሸዋው በየዕለቱ ውሃ እየተጨመረበት ርጥበቱን ይጠብቃል። አትክልቱ ትንሹ ሸክላ ውስጥ ገብቶ በእርጥብ ጨርቅ ይሸፈናል።

የእንስራ ውሃ በጠራራ ፀሐይ ለምን እንደሚቀዘቅዝ ያስተዋለ ሰው አሠራሩ አይጠፋውም። ሸክላ ዓይን የማያያቸው ቀዳዳዎች አሉት፤ ውሃው በእነሱ በኩል ወደ ውጭ ይሰርግና ይተናል። ለመትነን ደግሞ ሙቀት ያስፈልገዋል፤ እሱንም ከሸክላውና ከውስጡ ካለው ነገር ይወስዳል። የሚወስደውም ቀላል አይደለም፤ አንድ ሊትር ውሃ ሲተን የሚጠቀመው ሙቀት፣ ያንኑ ውሃ ከ20 ዲግሪ ሴልሺየስ አንስቶ ለማፍላት ከሚያስፈልገው ሰባት እጥፍ ያህል ነው። ሸክላው በዘይት ከተሟሸ ግን ቀዳዳዎቹ ስለሚደፈኑ ለዚህ ሥራ አይሆንም።

ዕቃው ሲሞከር በሦስት ቀን ይበላሽ የነበረ ደበርጃን 27 ቀን ቆየ፤ ቲማቲምና ቃሪያም ሦስት ሳምንትና ከዚያ በላይ ዘለቁ።

በትነት ማቀዝቀዝ ከጥንት የታወቀ ነው። የሞሐመድ ብልሃት ያለው ዕቃውን ሰው እጅ በማድረሱ ላይ ነው። ሥራ ያጡ የአካባቢውን ሸክላ ሠሪዎች ቀጥረው የመጀመሪያዎቹን 5,000 ያህል አሠሩ። ብዙው ገበሬ ማንበብ ስለማይችል አጠቃቀሙን በጽሑፍ ሳይሆን በአገሬው ተዋንያን በተሠራ ድራማ በቪዲዮ አሳዩ። በ2000 እ.ኤ.አ. የሮሌክስ ሽልማትን አገኙ፤ ገንዘቡም ሥራውን ለማስፋት ረዳቸው።

ይህ ማለት ግን ዕቃው የትም ይሠራል ማለት አይደለም። ትነት ደረቅ አየር ይፈልጋል፤ በዚያው በናይጄሪያ፣ አየሩ እርጥብ በሆነበት በደቡቡ የባሕር ጠረፍ፣ ቅዝቃዜው እምብዛም ነው። በረዶም አይሠራም፤ ጠንካራ ቅዝቃዜ ለሚሹ ክትባቶችም አይታመንም። ስለዚህ አንድ ርካሽ ፈጠራ ሲቀርብልን ከዋጋው ቀጥሎ ሦስት ነገር እንጠይቅ፦ እዚያው ማን ይሠራዋል? ሲሰበር ማን ይተካዋል? የቦታው አየርስ ይፈቅድለታል? የሞሐመድ ሸክላ በደረቁ ሰሜን ሦስቱንም ያልፋል፤ በጠረፉ ግን ሦስተኛው ላይ ይወድቃል።