ደርሶ መልስ ወደ ግሽ ዓባይ

በጎጃም የአንድ ቀን የአውቶቡስ ጉዞ ፈልጎ ወደ አስጎብኚ ድርጅት የሚሄድ ሰው ጥቂት ነው። ቲኬቱ ያለው ከቤተ ክርስቲያን ደጃፍ፣ ከሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶች ጠረጴዛ ላይ ነው። አጥሩ ላይ የተለጠፈው ማስታወቂያ የሚሄዱበትን ደብር፣ ቀኑን፣ የመነሻውን ሰዓትና ዋጋውን ይናገራል፤ ምግብ ተጨምሮ እንደሆነም ይጠቅሳል። ከሁሉ ጎላ ብሎ የሚጻፈው ግን «ደርሶ መልስ» የሚለው ነው። ሌሊት ወጥቶ ማታ የሚመለስ ሰው ለማደሪያ አይከፍልም፤ ከብቱን ለጎረቤት አደራ ብሎ ይወጣል። ጉልበታቸው የደከመ እናትም፣ ሕፃን ያዘለች ወጣትም ይህን ያህሉን ይደፍራሉ።

ይህ ጽሑፍ የሚያስተዋውቀው ይህንኑ የማኅበር ጉዞ ነው። ለማሳያ የምንይዘው መስመር ከደጋ ዳሞት ወረዳ ከተማ ከፈረስ ቤት ተነሥቶ ወደ ደምበጫ የሚወርደውን፣ ከዚያም በጅጋ፣ በፍኖተ ሰላም፣ በቡሬና በቲሊሊ አድርጎ ሰከላ ውስጥ ወዳለው የዓባይ ምንጭ፣ ወደ ግሽ ዓባይ፣ የሚወጣውን ነው።

ማኅበሩና መኪናው

የጉዞው ባለቤት አብዛኛውን ጊዜ የጽዋ ማኅበር፣ ሰንበት ትምህርት ቤት ወይም ለጉዞ ተብሎ የተቋቋመ ማኅበር ነው። መኪና ይከራያል፣ ኪራዩን ለወንበር ያካፍላል፣ የምግቡን ወጪ ይደምርበታል። የሚተርፈው ለሕንፃ ማሠሪያ ወይም ለአብነት ተማሪዎች ይውላል። ስለዚህ ተሳፋሪው ከፋይም ለጋሽም ነው፤ ወንበሩ ጠበበኝ ብሎ የሚያማርር የማይበዛውም በዚህ ምክንያት ነው። በአንጻሩ ወንበር ባዶ ከቀረ ኪሳራው የማኅበሩ ስለሆነ፣ ቲኬት ሻጮቹ እስከ ዋዜማው ምሽት ድረስ ዘመድ አዝማድ ሲወተውቱ ያመሻሉ።

የዚህ አሠራር ትልቁ መልክ የማኅበረ ቅዱሳን «ሐዊረ ሕይወት» ነው። ምእመናንን በብዙ አውቶቡሶች ከአዲስ አበባ ወደ አንድ ገዳም ወይም ደብር ይወስዳል፤ ስብከትና «ምክረ አበው» የሚባል የጥያቄና መልስ ጊዜ ያካሂዳል፤ በዚያው ቀን ይመልሳቸዋል። የገጠሩ ጉዞ የዚህ ታናሽ ወንድም ሲሆን፣ አንዳንዴ አንድ መኪና ብቻ ይበቃዋል።

ጉዞን ማኅበር መውለዱ የኛ ብቻ ታሪክ አይደለም። የተደራጀ የሕዝብ ጉዞ ጀማሪ ተብሎ የሚጠራው እንግሊዛዊ ቶማስ ኩክ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1841 500 ያህል ሰዎችን ከሌስተር ወደ ላፍቦሮ በባቡር ሲወስድ፣ ተሳፋሪዎቹ መጠጥን ለመቃወም ወደተጠራ ስብሰባ የሚሄዱ ነበሩ። ክፍያው በሰው አንድ ሽልንግ ነበር። ስሙን የተሸከመው የንግድ ድርጅት ከዚያ በኋላ የመጣ ነው።

ለአስፋልቱ ትልቅ አውቶቡስ ይመቻል። ከዋናው መንገድ ተገንጥሎ ወደ ሰከላ የሚወጣው አቀበት ግን አጠር ያለ መኪና ይወዳል፤ ስለዚህ ቅጥቅጥ ወይም ኮስትር ይመረጣል። ፖርቶመጋላው ላይ የምግቡ ዕቃና በገመድ የታሰረ የባዶ ጀሪካን ክምር ይጫናል። መኪናው የጠበል መንገደኛ እንደያዘ ከሩቅ የሚያስታውቀው ይህ ክምር ነው።

ከሾፌሩና ከረዳቱ ሌላ ጉዞውን የሚመራ አንድ ሰው አለ፤ አስተባባሪው። የስም ዝርዝሩ በእጁ ነው። መኪናው በቆመ ቁጥር ይቆጥራል፤ የሚያስመልሰውን ከፊት ያስቀምጣል፤ ከሾፌሩ ጋር በሰዓት ይከራከራል። ማይክሮፎኑም የእሱ ነው። ይህን ማይክሮፎን ልብ እንበል፤ ኋላ እንመለስበታለን።

ቁርስ የሌለበት ጠዋት

መነሻው ሌሊት 10 ወይም 11 ሰዓት ነው። ካህን ካለ ጸሎት ያደርሳል፤ ከሌለ አስተባባሪው ውዳሴ ማርያም ያስጀምራል። ሰማዩ ሲገረጣ መዝሙር ይከተላል፤ ከበሮው ከኋላ ወንበር ይመታል፤ እናቶች በእልልታ ይቀበላሉ። ዳቦውና እንጀራው ግን እንደታሰረ ነው። የግሽ ዓባይን ጠበል የሚጠጣ ሰው በዕለቱ እህል ሳይቀምስ መድረስ አለበት። የጉዞው ሰዓት ሁሉ የሚለካው በዚህ ሥርዓት ነው፤ ሾፌሩ በመንገድ በዘገየ መጠን የሚራዘመው ጾሙ ነውና።

በመስኮቱ በኩል

ከፈረስ ቤት ወደ ደምበጫ መውረድ ከደጋ ወደ ወይና ደጋ መውረድ ነው። ገብሱ፣ ድንቹና ባሕር ዛፉ ወደ ኋላ ይቀራሉ፤ በምሥራቅ በኩል የጮቄ ተራሮች ይሸሻሉ፤ ከፊት ጤፍና በቆሎ ይመጣሉ። ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ያለው ሜዳ የበቆሎና የበርበሬ አገር ነው። በመኸር ወቅት ያለፈ ሰው ቀዩን በርበሬ ተሰጥቶ ያየዋል።

ደምበጫ ላይ የአዲስ አበባና የባሕር ዳር አስፋልት ይያዛል። ከዚህ በኋላ የሚታየው አገር ብዙ ታሪክ አዝሏል። በየካቲት 1933 ዓ.ም. ጌድዮን የተባለው ጦር ከሱዳን ድንበር ተነሥቶ፣ ግመሎቹን እየነዳ በበላያ በኩል ወደ ጎጃም ገብቶ ነበር። መሪው እንግሊዛዊው ኦርድ ዊንጌት ሲሆን፣ የሱዳንና የኢትዮጵያ ወታደሮቹ ከ2,000 ብዙም አይዘሉም። ቡሬና ማንኩሳ ላይ የመሸገው የኢጣልያ ጦር በቁጥር እጅግ ይበልጠው ነበር። ሆኖም በአርበኞችና በዚህ ትንሽ ጦር ተዋክቦ ምሽጉን ለቀቀና በዚሁ መንገድ ወደ ደምበጫ አፈገፈገ። በየካቲት መጨረሻ ደምበጫ አጠገብ፣ ቻራቃ ወንዝ ዘንድ፣ አንድ የኢትዮጵያ ሻለቃ ድንገት ከዚህ ሁሉ ጦር ጋር ፊት ለፊት ተገናኘ፤ ብዙ ሰውም ወደቀበት። ጃንሆይ መጋቢት 28 ቀን ደብረ ማርቆስ፣ ሚያዝያ 27 ቀን አዲስ አበባ ሲገቡ፣ በሩ የተከፈተው በዚህ መንገድ ላይ ነበር።

ያችው ማንኩሳ ሌላም ስም አላት። በ1958 ዓ.ም. የታተመው የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የሚጀምረው እዚያ ነው፤ የበዛብህ አባት ቦጋለ መብራቱ የሚኖረው በማንኩሳ ነው። መጽሐፉን ያነበበ፣ በሬዲዮ ሲተረክ የሰማ፣ ወይም ታሪኩን ከሰው አፍ የሚያውቅ ስንቱ መንገደኛ ከመዝሙሩ ቀና ሳይል በማንኩሳ በኩል ያልፋል።

ቡሬ የመንገድ መገናኛ ናት፤ ከዚህ ወደ ደቡብ የሚታጠፈው መንገድ ዓባይን ተሻግሮ ነቀምቴ ይደርሳል። ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ደግሞ በኢንዱስትሪ ፓርኳና በ2013 ዓ.ም. በተመረቀው የፊቤላ የምግብ ዘይት ፋብሪካ ትታወቃለች።

ከዚህ ሁሉ በላይ ግን የጉዞውን መድረሻ ራሱን የሚያስረዳው የወንዞቹ ነገር ነው። ጅጋ አካባቢ ብር፣ ፍኖተ ሰላም ላይ ላህ፣ ቲሊሊ አካባቢ ፈጠም ይታለፋሉ። ሦስቱም ወደ ደቡብ ይወርዱና ዓባይ ሸለቆ ውስጥ ይገባሉ። ሰከላ ከፍታ ላይ ሲደረስ ግን ምድሩ ወደ ሌላ ወገን ያዘነብላል። ከዚያ የሚፈልቀው ውኃ ፊቱን ወደ ሰሜን አዙሮ፣ ግልገል ዓባይ ተብሎ ጣና ይገባል። ከሐይቁ በባሕር ዳር ወጥቶ በጢስ ዓባይ ይወድቅና በጮቄ ዙሪያ ይታጠፋል፤ ጎጃምን በምሥራቅና በደቡብ ከቦ፣ ከቡሬ በስተደቡብ አልፎ ወደ ሱዳን ይሄዳል። ብር፣ ላህና ፈጠምም እዚያው ታች ያገኙታል። ሰከላ ላይ ከምንጩ የጠጣ የቡሬ ሰው የሚጠጣው አገሩን ዞሮ በደጁ ሥር የሚያልፈውን ውኃ ነው።

ምንጩ ዘንድ

ምንጩ ከባሕር ወለል በላይ 2,700 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ፣ በረግረጋማ መስክ ዳር ይገኛል። ታላቅ ወንዝ ጠብቆ የመጣ ሰው የሚያገኘው በአጥር የተከለለች ትንሽ የውኃ ዓይን ነው። አጠገቡ የቅዱስ ሚካኤልና የአቡነ ዘርዐ ብሩክ ቤተ ክርስቲያን አለ። በትውፊቱ ጻድቁ ሰባት መጻሕፍታቸውን ለዚህ ውኃ አደራ ሰጥተው፣ ከረጅም ጊዜ በኋላ ሳይረጥቡ ተመልሰውላቸዋል። በዓላቸው ጥር 13 ስለሚውል መንገደኛው በዚያ ሰሞን ይበዛል።

ሥርዓቱ ግልጽ ነው። ጫማ ይወልቃል፤ ጠበሉ ይጠጣል፤ ጀሪካን በተራ ይሞላል። ስለት ያለበት ጧፉን፣ ዕጣኑን ወይም ጃንጥላውን ያስገባል። ከዚያ በኋላ ብቻ እንጀራው ይፈታል፤ ማኅበሩም ሣሩ ላይ ተቀምጦ በአንድነት ይበላል።

ይህን ምንጭ ሊያዩ ከባሕር ማዶ የመጡም ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1618 የኢየሱሳውያኑ ካህን ፔድሮ ፓኤዝ ከዐፄ ሱስንዮስ ጋር ደረሰበት። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1770 ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ መጣ፤ ፓኤዝ ከእሱ መቅደሙንም አልቀበልም አለ። የብሩስ ጉዞ በአስጎብኚ የተመራ ነበር። የዳሞቱ ገዥ ፋሲል ወልዶ የሚባል ሰው መንገድ እንዲያሳየው ሰጠው። ብሩስ ራሱ እንደጻፈው፣ ወልዶ ምንጩ ሲቃረብ አመመኝ እያለ መዘግየት ጀመረ፤ ነገሩ ሲጣራ የእንግዳውን መቀነት ፈልጎ ኖሯል። መቀነቱ ሲሰጠው በሽታው ለቀቀውና ከኮረብታው ላይ ሆኖ ረግረጉን በጣቱ አሳየው። የአገሬው ሰዎችም ብሩስን ጫማህን አውልቅ አሉት። የጫማው ሥርዓት እስከ ዛሬ አለ፤ በጣቱ የሚያሳየው ሰው ግን ብዙ ጊዜ የለም።

የመልሱ ማይክሮፎን

አስተባባሪው ስለ ደብሩ፣ ስለ ጻድቁና ስለ ጠበሉ ሥርዓት በቂ ትምህርት ይሰጣል። በመንገዱ ላይ ያለውን ግን አይናገርም፤ እንዲናገርም ማንም አልጠየቀው። ይህ ጥፋት አይደለም፤ ማኅበሩ የሸጠው መድረሻውን ነው። ነገር ግን የአንድ ቀን ጉዞ ከግማሽ የሚበልጠው መኪና ውስጥ የሚያልፍ ነው፤ መንገዱ ካልተነገረ የቀኑ ትልቁ ክፍል ይባክናል።

ጠዋቱን መንካት አያስፈልግም፤ እሱ የጸሎት፣ የመዝሙርና የጾም ነው። ክፍት ጊዜ ያለው በመልሱ ላይ ነው። ሆድ ጠግቧል፤ የከሰዓት ብርሃን ገና አለ፤ እንቅልፍ ያልወሰደው ሁሉ በመስኮት ያያል። ያን ጊዜ ማይክሮፎኑን የቡሬ የታሪክ መምህር ቢይዘው ስለ ምሽጎቹ ይናገራል። አንድ የቅኔ መምህር ቢይዘው፣ ከጎጃም ማዶ ጭምር ተማሪ ስለሚጠራው ስለ ዋሸራ የቅኔ ቤት ያወጋል። ማንኩሳ ላይ ለጥቂት ደቂቃ መቆም የነዳጅ ወጪ የለበትም። ላህ ድልድይ ላይ ሲደረስ ይህ ውኃ ወዴት እንደሚሄድ ልጆቹን መጠየቅም እንዲሁ።

በእርግጥ ከዚህ የሚቀድም ነገር አለ። ከ2015 ዓ.ም. ሐምሌ ወዲህ በክልሉ በቀጠለው ግጭት የጎጃም መንገዶች ብዙ ጊዜ ተዘግተዋል። ሌሊት ተነሥቶ ማታ መመለስ የሚባለው ጉዞ የሚቆመው በመንገድ ሰላም ላይ ብቻ ነውና፣ መጀመሪያ የተጎዳው እሱ ነው። ለመጓዝ የሚያስብ ሰው የመንገዱን ሁኔታ ከአገሬው ሰው አጣርቶ ይነሣ። ወቅቱንም ይምረጥ፤ ሰከላ በክረምት ጭቃ ናት፤ ከጥቅምት እስከ ጥር ያለው ጊዜ ለመኪናውም ለዓይንም ይሻላል። ወፍራም ጋቢ፣ በቀላሉ የሚወልቅ ጫማና ክዳኑ የማያፈስ ጀሪካን ይያዝ።

ማኅበራቱም ቀጣዩን ጉዞ ሲያቅዱ በስም ዝርዝሩ ላይ አንድ ስም ይጨምሩ፤ የተራኪውን። ወልዶ ለአንድ ጥቆማ መቀነት አስከፍሏል። የዛሬው መምህር ግን አንድ ወንበርና ከማኅበሩ ምሳ ድርሻው ከደረሰው፣ ከሰከላ እስከ ደምበጫ ያለውን አገር ሁሉ ያስጎበኛል።