ኮምፒውተሩ ፈጠነ፤ ግን ምኑ ተቀንሶ?

ከሌሎች የካምፑ ትምህርት ቤቶች ያሉ መምህራን “ያንን ላይት ዊንዶውስ በፍላሽ ስጡን” እያሉ ይጠይቁናል። ከመስጠታችን በፊት የደረሰብንን ብንነግራችሁ ይሻላል።

የክፍላችን ኮምፒውተሮች ራማቸው 1 ጊጋባይት ብቻ ነው። ዊንዶውስ 7 የሚጠይቀው ትንሹ ልክ ይኸው ስለሆነ ለሌላ ሥራ የሚተርፍ የለም። ራም ሲሞላ ደግሞ ኮምፒውተሩ ሃርድ ዲስኩን እንደ ራም መጠቀም ይጀምራል። ሃርድ ዲስክ በጣም ዘገምተኛ በመሆኑ ተማሪው ስክሪን እያየ ክፍለ ጊዜው ያልቃል።

አንድ ወዳጃችን “ላይት” የሚባለውን ዊንዶውስ 7 አመጣልን። ይህን ያዘጋጀው ማይክሮሶፍት አይደለም። አንድ የማናውቀው ሰው ዋናውን ፈትቶ፣ አያስፈልግም ያለውን አውጥቶ መልሶ የጠቀለለው ነው። ጫንነው፤ እውነትም ኮምፒውተሩ በረረ።

ደስታችን ግን ብዙ አልቆየም። አንደኛ፣ የአማርኛ ጽሑፍ ስንከፍት ፊደሉ ሁሉ ባዶ ሳጥን ሆነ። ዋናው ዊንዶውስ 7 ይዞት የሚመጣው “ኒያላ” የተባለው ፊደል ተወግዷል። ሁለተኛ፣ ፕሪንተሩን አላውቅም አለ። ሦስተኛውና ከባዱ፣ ፋየርዎሉና አፕዴት ማድረጊያውም ወጥተዋል። ሳምንታት ሳይቆይ በተማሪዎች ፍላሽ ላይ ያሉ ፎልደሮች ሾርትከት እየሆኑ መጡ። የአንዲት ተማሪያችን የስኮላርሺፕ ማመልከቻ እዚያ ውስጥ ነበር። ፋይሉ በቫይረሱ ተደበቀ እንጂ አልጠፋም፤ ሆኖም ፈልገን እስክናወጣው ማስገቢያው ቀን አለፈ። ቫይረሱ ከየትም ይምጣ፣ ዘበኛ የሌለው ቤት ውስጥ ልጆቹን ያስገባናቸው እኛ ነን።

ታዲያ አሮጌ ኮምፒውተር ይጣል ማለታችን አይደለም። ቀለል ብለው በግልጽ የተሠሩ፣ በነፃ የሚሰጡ ሊኑክሶች አሉ። እኛ የመረጥነው እ.ኤ.አ. በ2023 የወጣውን አንቲክስ 23 ነው። 512 ሜጋባይት ራም ይበቃዋል፤ ለ32 ቢት ማሽንም የሚሆን አለው። የተሠራው በዴቢያን 12 ላይ ስለሆነ የደህንነት አፕዴት እስከ 2028 ይደርሰዋል። የዊንዶውስ 7 ግን በጥር 2020 ቆሟል።

ለመጀመር ያሰባችሁ፦

1. የካኩማ አቧራ ቀላል አይደለምና መጀመሪያ ፋኑን አጽዱ።
2. የተማሪዎችን ፋይል ሌላ ቦታ ገልብጡ።
3. አንቲክስን ሳትጭኑ ከፍላሽ አስነስታችሁ ሞክሩ፤ እሺ እስካላላችሁት ሃርድ ዲስኩን አይነካም።
4. አማርኛውን፣ ፕሪንተሩንና ድምፁን ፈትሹ። አማርኛው ካልታየ “አቢሲኒካ” የተባለውን ነፃ ፊደል ጨምሩ።
5. ማን እንደሠራው በማይታወቅ ሲስተም ላይ የኢሜይል ፓስወርድ አታስገቡ።

ሊኑክስ መጀመሪያ ላይ እንግዳ ይሆናል፤ ተማሪዎቹ ግን ከእኛ ከመምህራኑ ቀድመው ለምደውታል።

ፍላሻችሁን ይዛችሁ ኑ፣ አንቲክሱን እንገለብጥላችኋለን። ላይቱን ግን አጥፍተነዋል።