የጎጃም እረኛና የማሃራሽትራው ዳንጋር

ከፍኖተ ሰላም ወደ ቡሬ የሚወስደውን አስፋልት ይዞ ማንኩሳን በክረምት የሚያልፍ መንገደኛ፣ ገሳ ደርቦ ዱላውን ትከሻው ላይ ያጋደመ ልጅ መንገድ ዳር ቆሞ ማየቱ አይቀርም። ዕድሜው ስምንት ወይም ዘጠኝ ቢሆን ነው። ከፊቱ ጥቂት በጎች፣ አንድ ሁለት ላም፣ ምናልባትም አንዲት አህያ ይግጣሉ። የማን ልጅ እንደሆነ ቢጠይቁት የአባቱን ስምና የአጥቢያውን ደብር ይናገራል። «እኛ እረኞች ነን፤ አባቴም አያቴም እረኞች ነበሩ» የሚል መልስ ግን ከአፉ አይወጣም። አባቱ ገበሬ ነው፤ እሱም ነገ ገበሬ ይሆናል፤ ወይ ቄስ፣ ወይ ነጋዴ፣ ወይ አስተማሪ። እረኝነቱ የሚያልፍ ዕድሜው ነው።

በምዕራብ ህንድ፣ በማሃራሽትራ ግዛት፣ ያን ዓይነት መልስ በኩራት የሚመልስ ሕዝብ አለ። ዳንጋር ይባላል። በሂንዱ ማኅበረሰብ ውስጥ እረኝነትን በዘር የወረሰ ወገን ሲሆን፣ ከማሃራሽትራ ውጭም በካርናታካና በጎዋ ይገኛል። ዛሬ አብዛኛው ዳንጋር አራሽ ወይም ከተሜ ቢሆንም፣ በጉን ይዞ የሚዞረው ክፍል አሁንም አልጠፋም። ዝናቡ ሲያበቃ በጥቅምት አካባቢ ከደረቁ የደካን አምባ ተነስቶ ወደ እርጥቡ የባሕር ዳርቻ ይወርዳል፤ ሰኔ ዝናም ሳይጥል ይመለሳል። የሚጓዘው ቤተሰቡ በሙሉ ነው። ሚስት፣ ሕፃን፣ ድስትና ዶሮ ሳይቀሩ በፈረስ ተጭነው ይከተላሉ። በሚያልፉበት መንደር ያለው ገበሬ በጎቻቸውን ማሳው ላይ እንዲያሳድሩለት ይለምናቸዋል። ሌሊቱን የወደቀው በጠጥ መሬቱን ስለሚያዳብርለት በምትኩ እህል ይሰፍርላቸዋል። የእኛም ደገኛ በረቱን ከማሳ ማሳ እያዘዋወረ መሬቱን ያዳብራል፤ ልዩነቱ ከብቱ የራሱ መሆኑና ለፍግ ኪራይ የሚከፍለው እረኛ አለመኖሩ ነው።

ዳንጋሮች የራሳቸው አማልክት አሏቸው። ቢሮባ የሚባለው አንዱ ነው። ከሁሉ የገነነው ግን በፑኔ ከተማ አቅራቢያ በጄጁሪ ኮረብታ ላይ የሚመለከው ካንዶባ ነው። በተረኩ መሠረት ካንዶባ ባናይ የምትባል የዳንጋር ልጅ ይወድዳል፤ እሷን ለማግኘት አምላክነቱን ደብቆ የቤተሰቧን በጎች ሲጠብቅ ይኖራል። በኋላም ሁለተኛ ሚስቱ ትሆናለች። በበዓሉ ቀን ምእመናን እርድ በእፍኝ እየዘገኑ ወደ ላይ ስለሚበትኑት መቅደሱም ሰዉም ቢጫ ይለብሳል። ይህን ሁሉ አፈ ታሪክና መዝሙር ከእረኞቹ አፍ እየተቀበለ ሲመዘግብ የኖረው ጀርመናዊው ምሁር ጉንተር ሶንታይመር ነበር።

ከዳንጋር ቤት ነገሥታትም ወጥተዋል። በ1693 የተወለደው ማልሃር ራኦ ሆልካር በጦር ሜዳ ጀግንነቱ ገንኖ የኢንዶርን ሥርወ መንግሥት መሠረተ። የልጁ ሚስት አሂልያባይ ሆልካር ከ1767 ጀምሮ እስክትሞት፣ እስከ 1795 ድረስ፣ ያን አገር ገዝታለች፤ በቫራናሲ ፈርሶ የነበረውን ትልቁን የሺቫ መቅደስ ያሠራችውም እሷ ናት። (እነዚህ ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጎጃም ውስጥ የእረኛ ጎሳ ያልተፈጠረው ለምንድን ነው? ሥራ በዘር መከፈሉ ለእኛ እንግዳ ስላልሆነ አይደለም። ቀጥቃጩ፣ ፋቂው፣ ሸማኔው፣ ሸክላ ሠሪዋ ለዘመናት በትውልድ ተለይተው፣ በጋብቻ ተገልለው፣ «ቡዳ» እየተባሉ ኖረዋል። እጅ የሚያቆሽሽ ሙያ ሁሉ ወገን ተበጅቶለት ሳለ፣ ቀኑን ሙሉ ከፍግና ከጭቃ ጋር የሚያውለው እረኝነት ሳይለይ ቀረ።

እኔ እንደማየው ምክንያቱ ዝናብና ሞፈር ነው። የደካን አምባ ዝናብ አጠር ስለሆነ ብዙ በግ ያለው ሰው አንድ ቦታ ተቀምጦ ሊያኖረው አይችልም። ሣሩን ተከትሎ ወራት የሚፈጅ ጉዞ ማድረግ ደግሞ የአዋቂ፣ ያውም የቤተሰብ ሙሉ ሥራ ነው፤ የሙሉ ጊዜ ሥራ ሲሆን ከአባት ወደ ልጅ ይወረሳል፤ ሲወረስ ጎሳ ይሆናል። ምዕራብ ጎጃም ግን ዝናብ የማይነፍገው አገር ነው። ብርና ላህ፣ ፈጠምም በዚያው ይፈስሳሉ፤ ዓባይ ራሱ ከሰከላ፣ ከግሽ ዓባይ ይመነጫል። እዚህ ከብት የሚረባው ከሁሉ በፊት ለእርሻ ነው። አንድ ገበሬ ጥማድ በሬ፣ በሬውን የምትተካ ላም፣ ለዓመት በዓልና ለችግር ቀን የሚሸጥ ጥቂት በግ ይበቃዋል። ለእንዲህ ያለ ትንሽ መንጋ የተለየ ባለሙያ ማቆም ኪሳራ ነው። አዋቂው ሞፈር ይዞ ሲውል ከብቱን የሚያግደው ገና ለሞፈር ያልደረሰው ልጅ ይሆናል። በአገራችን ከዳንጋር ጋር ይበልጥ የሚመሳሰለውን አኗኗር የሚፈልግ ሰው ከደጋው ወርዶ ወደ አፋር፣ ወደ ሶማሌና ወደ ቦረና መሄድ ይኖርበታል።

ስለዚህ የጎጃሙ እረኝነት መሰላል አለው። አምስት ዓመት ግድም የሞላው ልጅ ከቤት ሳይርቅ ጥጃና ግልገል ይጠብቃል። ትንሽ ሲጠና በግና ፍየል ይነዳል። ከዚያ ከጓደኞቹ ጋር ላምና በሬ ይዞ ወደ ወል ግጦሹ ይወጣል፤ ጎረቤታሞች ከብታቸውን ቀላቅለው በተራ የሚያግዱበትም አለ። ትከሻው ሲጠነክር አባቱ ሞፈር ያስይዘዋል፤ ዱላውን ለታናሹ ትቶ ይሄዳል። በዚህ መካከል የሚማረው ነገር ቀላል አይደለም። ክረምት ማለት ማሳው ሁሉ ቡቃያ የለበሰበት ጊዜ ነውና፣ እረኛው አፍታ ቢዘናጋ በሬው የሰው ጤፍ ውስጥ ይገኛል። ያ ከሆነ ሽማግሌ ይቀመጣል፣ ካሳ ይቆረጣል፣ ልጁም ማታ የድርሻውን ይቀበላል። የስምንት ዓመት ልጅ ድንበርን፣ የንብረትን መብትና የጎረቤትን ጠባይ ጠንቅቆ ያወቀው እንዲህ ነው። አጋም፣ ዶቅማ፣ እንኮይና ቀጋ መቼ እንደሚበስሉ፣ የትኛው ቅጠል ከብት እንደሚነፋ፣ የጅብ ዱካ ከውሻ በምን እንደሚለይም ያውቃል። ወንጭፉን ለዝንጀሮ፣ ጩኸቱን ለቀበሮ ያዘጋጃል።

የሚጠብቀውን በግ ተመራማሪዎች ዋሸራ ብለውታል፤ የዳንግላ በግም ይባላል። መኖሪያው ምዕራብ ጎጃምና አዊ ነው። ላቱ አጭርና ወፍራም፣ ጸጉሩ አጭር፣ መልኩ በብዛት ቡኒ ሲሆን፣ ከሌሎች የደጋ በጎች ጋር ሲነጻጸር ገዘፍ ያለ ነው። ላቱ የበጋ ስንቁ ነው፤ ሣር ሲጠፋ በዚያ የተጠራቀመውን ስብ እያቃጠለ ይከርማል። ዋሸራ በሚለው ስም ከበጉ በፊት የታወቀው ቅኔ ቤት ነው፤ ከዋድላና ከጎንጅ ጋር በአገሪቱ አንቱ ከተባሉት የቅኔ ቤቶች አንዱ። በጉና ቅኔው በአንድ ስም መጠራታቸውን ወድጄዋለሁ።

የበጉ ጸጉር አጭር መሆኑ በልብስ ረገድ ያመጣው ለውጥ አለ። ዳንጋሮች ከደካን በግ ሻካራ ጥቁር ጸጉር ጎንግዲ የሚሉትን ብርድ ልብስ ይሠራሉ፤ ዝናብም ብርድም አይደፍረውም። በአገራችን ለዚህ የሚቀርበው የመንዝ ሰው ነው፤ መንዜ ከባለ ረጅም ጸጉሩ በግ ባና፣ ዝተትና በርኖስ ያሠራል። የጎጃም እረኛ የሚፈተል ጸጉር ስላላገኘ የለበሰው ራሱን ቆዳውን ነው። ደበሎ የሚባለው ይኸው ነው፤ ጸጉሩ ሳይላጭ የለፋ የበግ አጎዛ። ዝናቡን በገሳ፣ ብርዱን በደበሎ ይከላከላል።

ደበሎ የሚለብስ ሌላም ሰው አለ፤ የቆሎ ተማሪው። የሁለቱ ልብስ አንድ መሆኑ በአጋጣሚ አይመስለኝም። ከብቱን ሜዳ ላይ ትቶ ከእኩዮቹ ጋር ወደ ቅኔ ቤት የኮበለለ ልጅ ታሪክ በጎጃም በየቤቱ ይወራል። ደበሎው ያው ነው፤ ዱላውም ያው ነው፤ ውሻውም ያው ነው፣ አሁን ተራው የተማሪውን ባት መንከስ ሆነ እንጂ። እረኝነት ለብዙ ሊቃውንት የመጀመሪያ ትምህርት ቤት ሆኖ አገልግሏል ቢባል ማጋነን አይሆንም። ብቻውን መዋልን፣ ረኃብ መቻልን፣ ቃል መጫወትን የለመደ ልጅ ለቅኔ ቤት ኑሮ ግማሹን መንገድ ተጉዟል።

ከቀኑ ርዝመት የተወለደው ሌላው ነገር ዋሽንት ነው። ሸምበቆ ወይም ቀርቀሃ ተቆርጦ፣ በጋለ ብረት ብዙውን ጊዜ አራት ቀዳዳ ይበሳል። የአንዱ ዋሽንት ድምፅ ለሁሉም ቅኝት ስለማይሆን፣ ጎበዝ ነፊ ርዝመታቸው የተለያየ ብዙ ዋሽንቶች ይይዛል። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ ለከተማ መድረክ ከመብቃታቸው በፊት በሬ ሲያዳምጣቸው ኖሯል።

የእረኛው ታላቅ በዓል ቡሄ ነው፤ ነሐሴ 13፣ ደብረ ታቦር። ወንጌል እንደሚለው ክርስቶስ በተራራው ላይ ብርሃነ መለኮቱን የገለጠበት ቀን ሲሆን፣ ትውፊቱ ደግሞ እረኞችን ይጨምርበታል። ብርሃኑን አይተው ቀኑ ያልመሸ ስለመሰላቸው በዚያው ቆዩ፤ ወላጆቻቸውም ችቦ አብርተው፣ ዳቦ ይዘው ፍለጋ ወጡ። ሙልሙል ዳቦና ችቦ ከዚህ መጡ ይባላል። በጎጃም ገጠር ከበዓሉ ሳምንታት ቀደም ብሎ የሚሰማው ግን የጅራፍ ድምፅ ነው። ትውፊቱ ሲተረጉመው በዚያ ዕለት በተራራው ላይ የተሰማው ነጎድጓድ ነው፤ ትርጓሜው ከሚመስለውም በላይ ለእውነት ይቀርባል። ጅራፍ ከእጀታው ወፍሮ ወደ ጫፉ እየቀጠነ ይሄዳል። ክንድ የሰጠው ጉልበት በገመዱ ላይ እንደ ማዕበል ሲጓዝ፣ የሚነዳው ክብደት እያነሰ ስለሚመጣ ፍጥነቱ ይጨምራል፤ ጫፉ ላይ ሲደርስ ከድምፅ ፍጥነት፣ ማለትም በሰዓት ከ1,200 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ያልፋል። የምንሰማው ጧታ ገመድ ከገመድ ጋር ሲማታ የሚወጣ ድምፅ አይደለም፤ የጦር አውሮፕላን ከድምፅ ሲቀድም የሚያወጣው ፍንዳታ ታናሽ ወንድም ነው። የአሥር ዓመቱ እረኛ አውሮፕላኑ ከመሠራቱ ከብዙ ዘመን በፊት ያደርገው ነበር። ልጆቹ በድምፁ ብቻ አይረኩም፤ ሁለት ሆነው እየተፋጠጡ ይገራረፋሉ፤ ጀርባው ሳይሰነበር ያደገ ወንድ ጥቂት ነው።

ገናም የእነሱ ነው፤ ስሙን ለጨዋታው የሰጠው በዓል። ቆልማማ ዱላና ሩር ይዘው ሜዳ ሲወጡ፣ እረኞች የጌታን መወለድ ሰምተው በደስታ በዱላቸው ተጫወቱ የሚለው ትውፊት አብሯቸው ይወጣል። በዚያ ቀን ጌታው ሎሌውን አይቆጣም፤ ልጅ ሽማግሌን በግጥም ቢያሽሟጥጥም ነውር የለውም።

ወደ ግጥሙ ከደረስን የጎጃም እረኛ ከዳንጋሩ የሚለይበትን ነገር እናገኛለን። «እረኛ ምን አለ?» የሚለው ጥያቄ ነው። ሹማምንትና መሳፍንት የአገሩን ሆድ ለማወቅ ሲሹ በሜዳው የሚዘፈነውን ያስጠይቁ ነበር ይባላል። ዘመን ሊገለበጥ ሲል፣ ጦር ሲመጣ፣ ረኃብ ሲያንዣብብ የእረኛ አፍ አስቀድሞ ይናገራል ተብሎ ይታመናል። የዳንጋር መዝሙር ስለ አምላኩና ስለ ነገዱ ነው፤ የእኛ እረኛ ግን የሚዘፍንለት ነገድ ስለሌለው ስለ አገሩ ይዘፍናል። ትንቢቱን በተመለከተ እኔ ጥርጣሬ አለኝ። ልጁ ማታ ምድጃ ዳር ሆኖ አዋቂዎች በሹክሹክታ የሚያወሩትን ይሰማል፤ ቀን ሜዳ ላይ ጮኾ ይደግመዋል። አንዳንዱን ግጥም አዋቂው ራሱ ገጥሞ ለልጁ እንዳዋሰው መገመትም ይቻላል፤ ለተናገረው የሚታሰረው አዋቂ ነዋ፣ ልጅ ምን አጠፋ? ስለዚህ እረኛው ነቢይ ከሚባል ይልቅ የገበሬው አፍ ቢባል ይሻላል። ገበሬው ራሱ እንዴት በግጥም መንግሥትን እንደሚሞግት ማየት የሚፈልግ፣ ምሁሩ ጌቴ ገላዬ በምሥራቅ ጎጃም የትኖራ ላይ በደርግ ዘመን ስለነበረው የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበር የተነገሩ ቃል ግጥሞችን ሰብስበው ያጠኑትን ያንብብ።

ይህን ሁሉ ሳወራ ቅጥር እረኛውን እንዳልረሳ። ወላጅ የሞተበት ወይም መሬት የሌለው ሰው ልጅ ከብት ባለው ቤት ይቀጠራል። ደመወዙ ምግብ፣ ልብስ፣ ዓመቱ ሲያልቅ ደግሞ ምናልባት አንዲት ግልገል ወይም ጥቂት እህል ነው። የቤቱ ልጅ ትምህርት ቤት ሲሄድ እሱ ከብት ይዞ ይወጣል፤ በግ በጅብ ቢበላ ከደመወዙ ይታሰባል። እረኝነት የሁሉም ልጅነት ነው ያልነው ለእሱ በግማሽ ብቻ ነው የሚሠራው፤ የሌላው ልጅ ዕድሜ ሲያልፍ የእሱ ይቆያል።

አሁን ሜዳው ራሱ እየጠበበ ነው። የወል ግጦሹ ለአዳዲስ ጎጆ ወጪዎች ተሸንሽኗል፤ የቀረው ባሕር ዛፍ በቅሎበታል። በመራዊ አካባቢ የቆጋ መስኖ 7,000 ሄክታር ያህል መሬት በዓመት ከአንድ ጊዜ በላይ እንዲታረስ ስላደረገ፣ ከብት በበጋ ይለቀቅበት የነበረው የታጨደ ማሳ ዳግም ቡቃያ ይዟል። በጉ ጓሮ ታስሮ ሣር እየታጨደ ይቀርብለታል። በፈረቃ የሚያስተምረው ትምህርት ቤትም እረኝነቱን ለግማሽ ቀን ከፍሎታል፤ ጠዋት ደብተር፣ ከሰዓት ዱላ።

የዳንጋር ሜዳም በግድብ፣ በሸንኮራ አገዳና በታጠረ ደን ተይዟል። ዳንጋሮች ግን ማኅበር አላቸው፣ የምርጫ ድምፅ አላቸው፣ የአሂልያባይ ስም አላቸው። ከነባር ነገዶች መዝገብ ገብተው የትምህርትና የሥራ ኮታ እንዲያገኙ ለዓመታት ሰልፍ ወጥተዋል፣ ጾመዋል፤ አሂልያባይ የተወለደችበት የአህመድናጋር አውራጃም በ2024 በስሟ አሂልያናጋር ተብሏል። የጎጃም እረኛ ስለ ግጦሹ ሰልፍ የሚወጣበት ማኅበር የለውም። አቤት ለማለት ዕድሜው ሲደርስ ሞፈር ጨብጧል፤ ያኔ ደግሞ የግጦሹን ዳር በሞፈሩ እየገፋ የሚያርሰው እሱ ራሱ ነው።